በአቡጀዲው ላይ የሞተው ልጅ

ሰውየው አሶሳ የገባው ዝናሙ ባቆመና የኩርሙክ መንገድ በደረቀ ሰሞን ነው። ሁለት ግመሎች ነበሩት። በአንዱ ላይ ምንጣፉንና ድስቱን፣ በሌላው ላይ በብርድ ልብስ የተጠቀለለ ሣጥን ጭኗል። ግመሉ ሲንበረከክ ሣጥኑን በደረቱ ደግፎ ራሱ አወረደው፤ ሌላ ሰው እንዲነካው አልፈቀደም። ገበያተኛው ብርጭቆ ይሆናል ብሎ ገመተ።

እኔ በዚያን ጊዜ የሹሙ አስተርጓሚ ነበርኩ። ሹሙ ከደጋ ተሹሞ የመጣ፣ ገበያውንና ኬላውን የሚጠብቅ ሰው ነው። የእኛን የበርታን ቋንቋ አያውቅም፤ ዐረብኛም አያውቅም። ከሱዳን የሚመጣው ነጋዴም ሆነ ከመንደር አቤት ሊል የሚመጣው ገበሬ፣ ቃሉ በእኔ አፍ ሳያልፍ ሹሙ ጆሮ አይደርስም። አማርኛውን ወድጄ አልተማርኩትም። አገራችን በደጋው ጦር የተያዘች ጊዜ ከየመንደሩ ልጆች በመያዣነት ሲወሰዱ እኔም ተወስጄ፣ በአንድ መኰንን ግቢ አራት ዓመት እንጨት ስፈልጥና በቅሎ ስቀልብ ኖርኩ። ስመለስ እናቴ የምናገረውን እየሰማች አፏን በነጠላዋ ይዛ ታለቅስ ነበር። የገዛ ቋንቋዬን እንደ እንግዳ ነበር የምናገረው።

እንደተመለስኩ ከአሶሳ ትንሽ ራቅ ካለች መንደር ሚስት አገባሁ። አማቴ በወንዝ ዳር አሸዋ እያጠቡ ወርቅ የሚለቅሙ ሰው ነበሩ። ቁመታቸው ረጅም፣ ንግግራቸው ጥቂት። አንድ ወንድ ልጅ ነበራቸው። ጦሩ የገባ ጊዜ ያ ልጅ ከመንደሩ ጎረምሶች ጋር ሆኖ «እህላችንን አናስነካም» ብሎ ጎተራው ፊት ቆመ። ወታደሮቹ ከቀርከሃው አጥር ጋር አቁመው በጥይት መቱት። ያን ጊዜ አማቴን ሁለት ሰዎች ክንዳቸውን ይዘዋቸው ነበር። ይህን የነገረችኝ ሚስቴ ናት። እሳቸው አንድም ቀን አንስተውት አያውቁም፤ እኔም አልጠየቅኋቸውም።

ባለ ሣጥኑን ሰው ሹሙ ዘንድ ያቀረብኩት እኔ ነኝ። ግሪክ ይሁን ሶርያዊ እስከ ዛሬ በውል አላውቅም፤ ዐረብኛው ግን የካርቱም ገበያ ዐረብኛ ነበር።

«ምን ይሸጣል?» አለኝ ሹሙ።

«የምሸጠው የለኝም» አለ ሰውየው። «የማሳየው ነው ያለኝ። ኸያል ነው። ሥዕል ነው፤ ግን ይንቀሳቀሳል። ሰው ይሄዳል፣ ፈረስ ይጋልባል፣ ጠመንጃ ይተኮሳል።»

ሹሙ ሳቀ። በወባ ተይዞ ከርሞ ፊቱ እንደ ሰም ገርጥቶ ነበር፤ ሲስቅ ካየሁት ቆይቼ ነበርና ደስ አለኝ። «የምን ታሪክ ነው በለው?» አለ።

ሰውየው እጁን እያወናጨፈ አስረዳኝ። አንድ ሕዝብ አለ። ባዕድ ሠራዊት መጥቶ አገራቸውን ያዘባቸው። እነሱም ተነሥተው ተዋጉ፤ ለሑሪያ ብለው።

ይህ ቃል አንደበቴ ላይ ቆመብኝ። ሑሪያ ማለት ነጻነት ነው። በእኛ አገር ደግሞ በዚያን ጊዜ ሑር የሚባለው ባሪያ ያልሆነ ሰው ነው፤ ቃሉ ቀላል ቃል አልነበረም። ባዕድ ሠራዊት መጥቶ አገር ያዘ የሚለውንስ በዚያ አዳራሽ፣ በእነዚያ ወታደሮች ፊት፣ እንዴት አድርጌ ልበለው? ሹሙ እየጠበቀኝ ነው።

«ጌታዬ፣ የጀግንነት ታሪክ ነው ይላል» አልኩ። «አገራቸውን ከጠላት የጠበቁ ሰዎች ታሪክ ነው።»

«ደግ!» አለ ሹሙ። «እንዲህ ያለ ነገር ለወታደር ጥሩ ነው። ሕዝቡም ይይ። ሁሉም ይጠራ!»

በሕይወቴ ብዙ ቃል አዛብቼ ተርጉሜአለሁ፤ አብዛኛው ሰው ከመገረፍ ያዳነ ነው። ያኛው ግን ማንንም አላዳነም። እንዳለ ብነግረው ኖሮ ሹሙ ሰውየውን በመጣበት መንገድ ይመልሰው ነበር፤ ነገሩም በዚያው ይቀር ነበር።

ሥዕሉ ጨለማ ይፈልጋል ተባለ። ሹሙ ግን ሕዝብ በሌሊት ተሰብስቦ ማየት ስለማይወድ በቀን ይሁን አለ። የጥጥና የሰም ማከማቻ የነበረውን ትልቁን ቤት ባዶ አስደረግን። መስኮቱን በቆዳ፣ በሩን በቡልኮ ሸፈንን፤ በቀርከሃው ግድግዳ ክፍተት የሚገባውን ብርሃን ሴቶች በጭቃ ደፈኑት። ሰውየው ከገበያ የተገዛ አቡጀዲ ጫፍ ለጫፍ አሰፍቶ በግድግዳው ላይ ወጠረ። ከሣጥኑ ያወጣው መሣሪያ እጀታ አለው፤ እንደ ወፍጮ ይዞራል። ለመብራቱ ውሃ ሲነካው የሚነድ ጭስ የሚያወጣ ድንጋይ ነበረው። ቤቱ በሙሉ ነጭ ሽንኩርት ነጭ ሽንኩርት ሸተተ።

ሹሙ ፊት ለፊት በወንበር ተቀመጠ። ከጎኑና ከኋላው ወታደሮቹ፤ ከእነሱ ኋላ ደግሞ የእኛ ሰዎች መሬት ላይ። ሴቶቹ በአንድ በኩል ተጠጋግተዋል። አማቴ እንዲመጡ የለመንኳቸው እኔ ነኝ። ሚስቴ ናት እንዲህ ያለችኝ፦ «አባቴ ከወንዝና ከመስጊድ በቀር የሚሄድበት የለም፤ እስቲ አንድ ቀን እንኳ ይሳቅ።» መጡ። ነጭ ጀለቢያቸውን ለብሰው ከመጨረሻው ረድፍ ተቀመጡ።

እኔ ሹሙ ጎን ቆምኩ፤ ያልገባውን እንዳስረዳው።

መጀመሪያ ሁሉም ሳቀ። አቡጀዲው ላይ አንድ መንደር በራ። ሰዎቹ የሚራመዱት እሳት እንደሚሸሽ ሰው በጥድፊያ ነው። ሴትዮዋ ውሃ ስትቀዳ፣ አንዱ ገበሬ በሬውን ሲጎትት፣ ሁሉም ቶሎ ቶሎ፣ ድምፅ የለ ኮቴ የለ። ወታደሮቹ እርስ በርስ እየተጓሸሙ ሳቁ። የእኛም ሰዎች ሳቁ። አንዲት አሮጊት «ውሃው አይፈስም እንዴ?» ብላ ተነሥታ ልትነካው ሄደች፤ መለሷት።

ከዚያ ፈረሰኞቹ መጡ። ሰፊ ባርኔጣ ያደረጉ፣ ረጅም ጫማ የተጫሙ። ጎተራ ሰበሩ፣ ከብት ነዱ። አንድ ሽማግሌ ገፍተው ጣሉ። ሴቲቱ አፏን ከፍታ ስትጮህ አየናት፤ ጩኸቷ ግን አይሰማም። በመሀል ጥቁር ሰሌዳ ላይ ነጭ ጽሑፍ ይመጣል፤ በፈረንጅ ፊደል ነውና ማንም አያነበውም። ሰውየው እጀታውን እያዞረ በዐረብኛ ይነግረኛል፣ እኔ በአማርኛ ለሹሙ፣ ቀጥዬም በበርታ ለኋለኞቹ። ሦስት ቋንቋ በአንድ ጉሮሮ ሲያልፍ ሥዕሉ ቀድሞኝ ይሄድ ነበር።

የገረመኝ ነገር የመጣው በዚህ ጊዜ ነው። ጎረምሶቹ ጫካ ገብተው በፈረሰኞቹ ላይ ድንጋይ ሲንዱባቸው ሹሙ ከወንበሩ ተነሥቶ «በለው! እንዳትለቀው!» ብሎ ጮኸ። ወታደሮቹም ፎከሩ። ከኋላም የእኛ ሰዎች ጮኹ፤ ሴቶቹ እልል አሉ። ለአንድ አፍታ ቤቱ በሙሉ በአንድ ወገን ነበር። ሹሙ ዞር ብሎ «አየህ? ጀግና ጀግናን ይወዳል» አለኝ። እኔ ግን ከኋላ በበርታ የሚባለውን እሰማ ነበር። «እህላችንን ሲጭኑ እንዲህ አልነበረም?» ይላል አንዱ። «ልክ እንዲህ ነበር» ይላል ሌላው። ዝም በሉ ብላቸው ሹሙ ምን አልክ ይለኛል፤ ዝም ብል ደግሞ ነገሩ እየጋመ ነው።

ቀጥሎ ከጎረምሶቹ አንዱ ተያዘ። እጁን የፊጥኝ አስረው ከአንድ ግድግዳ ጋር አቆሙት። ስድስት ሰዎች ጠመንጃ አነሱ። የልጁ አባት ይመስለኛል፣ አንድ ሽማግሌ፣ በሁለት ወታደሮች ተይዞ ይታገላል።

ከኋላዬ ሰው ሲነሣ ሰማሁ። ሳልዞር አወቅሁ።

አማቴ በተቀመጡት ሰዎች መካከል እየተራመዱ መጡ። ሰው እግሩን እየሰበሰበ አሳለፋቸው። ወታደሮቹን አልፈው፣ ሹሙን አልፈው፣ አቡጀዲው ፊት ቆመው እጃቸውን ዘረጉ። ሥዕሉ በጀለቢያቸው ላይ ወደቀ። ጠመንጃዎቹ በደረታቸው ላይ ነበሩ።

«ተዉት» አሉ በበርታ። ጮክ አላሉም። «ሌላ የለኝም። ተዉት።»

ወደ ሰውየው ዞሬ በዐረብኛ «አቁመው!» ብዬ ጮኽኩ።

«አልችልም!» አለኝ፤ እጁ ከእጀታው አልተነሣም። «የሥዕሉ ጥቅል መዞሩን ካቆመ መብራቱ ያነደዋል! ቤቱ ይቃጠላል!»

ስለዚህ እጀታው ዞረ። ጭስ ከጠመንጃዎቹ አፍ ቡልቅ አለ፤ ድምፅ አልነበረውም። ልጁ በአማቴ ትከሻ ላይ ተንሸራትቶ ወደቀ። እሳቸው ሊይዙት ጎንበስ ብለው አቡጀዲውን አቀፉ፤ ጨርቁ ከነስፌቱ ተተርትሮ በላያቸው ላይ ወረደ። ከዚያ በኋላ የነበረው ሥዕል በባዶ ጭቃ ላይ እየተርገበገበ አለፈ፤ ማንም አላየውም።

አንዱ ወታደር በሩ ላይ ያለውን ቡልኮ ገፈፈው። የቀን ብርሃን ገባ። አማቴ ጨርቁን እንዳቀፉ ተነሥተው ፊት ረድፍ ያሉትን ወታደሮች አንድ በአንድ አዩአቸው። አንድ ሽበታም ወታደር ጋ ሲደርሱ ቆሙ። ጣታቸውን ቀሰሩ።

«ይህኛው ነበረ» አሉ በበርታ። «ይህኛው እዚያ ነበረ።»

«ምን ይላል?» አለኝ ሹሙ።

የእኛ ሰዎች ሁሉ አፌን አፌን ያያሉ። በሩ ጋ ሚስቴ ቆማለች።

«ውሃ ስጡኝ ነው የሚሉት፣ ጌታዬ» አልኩ። «ሕመምተኛ ናቸው። ሙቀቱ ነው።»

«ውሃ አምጡለት» አለ ሹሙ።

በቅል ውሃ መጣ። አማቴ አማርኛ ብዙም አይችሉም ነበር፤ «ውሃ» የምትለዋን ቃል ግን ያውቋታል። ቅሉን አዩ። እኔን አዩኝ። እስከ ዛሬ ሰው እንደዚያ አይቶኝ አያውቅም፤ ቁጣ እንኳ ቢኖርበት በተሻለኝ። ከዚያ ወደ ሹሙ ዞረው በሚችሏት አማርኛ ራሳቸው ተናገሩ።

«ውሃ አይደለም» አሉ። «ልጅ ነው። የኔ ልጅ። እናንተ ገደለ።»

በሹሙ ፊት ላይ መጀመሪያ ያየሁት ቁጣ አልነበረም፤ እንደ ማፈር ያለ ነገር ነው። ግን ወታደሮቹ እያዩት ነው፣ ሕዝቡም እያየው ነው። ከኋላ አንድ ሰው «እውነት ነው» አለ በአማርኛ። ሌላም ሰው ደገመው። ያን ጊዜ ሹሙ ተነሣ።

«እግር ብረት» አለ። ወደ እኔ ዞሮ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «አንተ ግን ታሪኩን አውቀህ ነበር» አለኝ።

በማግስቱ ጠዋት ሥዕሉን ያቃጥሉት ተባለ። ሰውየው በሹሙ እግር ላይ ወደቀ፤ እንጀራዬ ነው አለ፤ ተረጎምኩለት። ሹሙ በእምቢታ ራሱን ነቀነቀ። ጥቅሉን ግቢው መሀል አስቀምጠው ክብሪት ሲያስነኩት እንደ ባሩድ በአንድ ጊዜ ቦግ አለ፤ ሰው ሁሉ ወደ ኋላ ሸሸ። ሰውየው ግመሎቹን ሲጭን አጠገቡ ቆሜ ነበር። ሰላምታ ለመስጠት አልደፈርኩም፤ አንድ ነገር ብቻ ጠየቅሁት።

«ልጁ ከተገደለ በኋላ ምን ይሆናል?»

«ያሸንፋሉ» አለኝ ገመዱን እያጠበቀ። «መጨረሻ ላይ ባንዲራ ይሰቅላሉ፤ ሁሉም ይጨፍራል።»

«የየት አገር ሰዎች ናቸው?»

«እኔ ምን አውቄ?» አለ። «ሣጥኑን ስገዛ አብሮት የነበረ ነው።»

አማቴን ከወታደሮቹ ቤት አጠገብ ባለች ጎጆ አስረዋቸው ነበር። የማሽላ ገንፎ በባምያ ወጥ ሚስቴ ትሠራለች፤ በየቀኑ ይዤ እሄዳለሁ። ሳህኑን ስትሰጠኝ ፊቷን ወደ እኔ አታዞርም። በቤታችን ውስጥ ለእኔ የሚሆን ቃል አልነበረም።

እሳቸውም ሦስት ቀን አላናገሩኝም። ገንፎውን ግማሹን በልተው ግማሹን ይመልሱልኛል። በአራተኛው ቀን ድንገት፣

«ሥዕሉ ላይ የነበሩት ሰዎች» አሉኝ። «ኋላ ምን ሆኑ?»

የሰማሁትን ነገርኳቸው። ማሸነፋቸውን፣ ባንዲራውን፣ ጭፈራውን።

«ልጁስ?»

«ልጁ … ልጁ እንደሞተ ነው፣ አባ።»

ብረቱ የላጠውን ቁርጭምጭሚታቸውን አሻሹ። «እንግዲያው አባቱ አልጨፈረም» አሉ።

ውሃውን ለምን እንዳልኩ ላስረዳቸው ሞከርኩ። ፈርቼ መሆኑን፣ የፈራሁትም ለእሳቸው መሆኑን። እሳቸው እጃቸውን ጉልበቴ ላይ አደረጉ። «አውቃለሁ» አሉ። «አንተንም ወስደውሃል እኮ። ያን ጊዜ ልጅ ነበርክ።» ይህን ከማለት ቢሰድቡኝ እመርጥ ነበር።

ሹሙን ብዙ ጊዜ ለመንኩት። መጀመሪያ ብቻዬን፤ ቀጥሎ ከመንደሩ ሽማግሌዎች ጋር፤ ልመናቸውንም የተረጎምኩት እኔው ነኝ። መጨረሻ ላይ በወባ ተይዞ ተኝቶ ሳለ አልጋው አጠገብ ተንበረከክሁ።

«ሽማግሌ ናቸው፣ ጌታዬ። ሠላሳ ጅራፍ ይገረፉና ይለቀቁ። እኔ በእሳቸው ፋንታ ልገረፍ።»

«ወሬው ከእኔ ቀድሞ ወጥቷል» አለኝ ጥርሱ እየተንገጫገጨ። «ወታደሮቹ ለበላዮቼ ጽፈዋል። ሕዝብ ያነሣሣውን ሰው ላክ ተብያለሁ። ብለቀው በእሱ ቦታ የምሄደው እኔ ነኝ። እኔ ምን ላድርግ? አንተ ምን ታደርግ ነበር?»

ብርድ ልብሱን አለበስኩትና ወጣሁ። የምጠላው ሰው ፈልጌ አጣሁ።

አማቴ የጠቆሙበት ሽበታም ወታደር አንድ ቀን ከገበያ መልስ ተከተለኝ። ከማሽላው ማሳ ዳር ሲደርስ «አስተርጓሚ» ብሎ ጠራኝ። ጥምጣሙን ፈቶ በእጁ ይዟል።

«ለሽማግሌው ንገርልኝ» አለ። «በዚያ ዘመቻ ነበርኩ። እውነቱን ነው። ግን የእሱ ልጅ የትኛው እንደሆነ አላስታውስም። ብዙ ነበሩ።»

«ይህንን ነው ንገርልኝ የምትለኝ?»

ትንሽ አሰበና «ተወው» አለ። ጥምጣሙን እየጠመጠመ ተመለሰ። አልነገርኳቸውም። ያንን መሸሸጌ ልክ ይሁን አይሁን አላውቅም።

የወሰዷቸው ከወርቁ ግብር ጋር ነው። በቅሎዎቹ ተጭነው ግቢው ፊት ቆመዋል። እሳቸውን በእግር ነው የሚያስኬዷቸው፤ ብረቱን ከእግር ወደ እጅ አዛወሩት። ሚስቴ ቀርባ ጀለቢያቸውን አስተካከለች፣ በጨርቅ የተቋጠረ ቂጣና ተምር በትከሻቸው አንጠለጠለች። አላለቀሰችም። እሳቸውም በእጃቸው ራሷን ሊዳብሱ ቢሉ ሰንሰለቱ አላደርስ አላቸው፤ እሷ ጎንበስ አለችላቸው።

የባምባሲን መንገድ እስከ መጀመሪያው ወንዝ ተከትያቸዋለሁ። ከዚያ በኋላ የወታደሮቹ አለቃ «ተመለስ፣ ሹሙ ይፈልግሃል» አለኝ። ቆሜ አየኋቸው። ሲራመዱ ቀጥ ብለው ነበር። መንገዱ ታጥፎ ቀርከሃው እስኪሸፍናቸው ዞር አላሉም፤ እኔም አልጠራኋቸውም።

ከአንድ ወር በላይ ቆይቶ ከደጋው የሚመለሱ የቅመምና የጨው ነጋዴዎች ገቡ። ከመካከላቸው አንዱ የእኛ ሰው ነበር፤ ቤታችን ድረስ መጥቶ ደጃፍ ላይ ቆመ። ሚስቴ አየችውና ምጣዱን መሬት አስቀመጠች።

«ከዳቡስ ወንዝ ማዶ ነው» አላት። «ትኩሳት ያዘው። ሁለት ቀን ተሸከሙት፤ በሦስተኛው አረፈ።»

«ማን አጠበው?» አለች።

«እኛ ደረስን። አጥበን፣ ሰግደን ቀበርነው። ድንጋይ አቁመንበታል፤ ከመንገዱ በስተግራ ትልቅ ዋርካ አለ።»

«ብረቱስ?»

«ሳይፈቱለት አልቀበርነውም።»

ሚስቴ ራሷን ነቀነቀች። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች፤ በዚያ ሁሉ ጊዜ መጀመሪያ ያናገረችኝ ያን ጊዜ ነው። «ፍየሏን እሰራት» አለችኝ። «ነገ ሰደቃ እናወጣለን።»

ፍየሏን አሰርኳት። በማግስቱ የመንደሩ ሰው ሁሉ መጣ፤ ሼኩ ቁርኣን አነበቡ፣ ሰው በላ፣ ዱዓ ተደረገ። ማንም አልወቀሰኝም። ሁሉም እጄን ጨብጦ «አላህ ያጽናችሁ» እያለ ወደ ቤቱ ሄደ። እኔ ሌላ መተዳደሪያ ስላልነበረኝ በሦስተኛው ቀን ወደ ሹሙ ግቢ ተመለስኩ፤ ሁለት ገበሬዎች በድንበር ተካሰው እየጠበቁኝ ነበር። ሚስቴ ከዚያ በኋላ ረጅም ዘመን አብራኝ ኖራለች፤ አራት ልጆች ወልዳልኛለች። ወደ ዳቡሱ መቃብር ውሰደኝ ብላ አንድ ጊዜ ለመነችኝ። ወንዙ ሞልቶ ነበርና ከዳር ቆመን ተመለስን።